ከሳቅ ወደ ክስ፦ ሃይንሪሽ ማን ከማኅበራዊ ስላቅ ወደ ፖለቲካ ጽሑፍ የተሻገረበት መንገድ

ጀርመናዊው ደራሲ ሃይንሪሽ ማን የፖለቲካ ጸሐፊ የሆነው መቼ ነው ሲባል ብዙ ጊዜ የሚጠቀሱት 1914 እና 1933 ናቸው (እዚህ የሚጠቀሱት ቀናት፣ ወራትና ዓመታት ሁሉ እንደ አውሮፓውያን አቆጣጠር ናቸው)። በመጀመሪያው ዓመት የዓለም ጦርነት ፈነዳ፤ በሁለተኛው ናዚዎች ሥልጣን ያዙ። ሥራዎቹን በታተሙበት ቅደም ተከተል ያነበበ ሰው ግን ሁለቱም እንደዘገዩ ያያል። ለውጡ የተሠራው ከ1905 እስከ 1915 ባሉት አሥር ዓመታት ነው፤ የተሠራውም በአቋም መግለጫ ሳይሆን በአጻጻፍ ዘዴ ነው። መጀመሪያ የሰዎችን ምኞት ያፌዝበት ነበር። ቀጥሎ ምኞቱን የሚያመርተውን ሥርዓት ክፍል በክፍል ፈታው። በመጨረሻ ገጸ ባሕሪውን ትቶ ሥርዓቱን በስሙ ጠርቶ ከሰሰ።

መነሻው

ሃይንሪሽ ማን መጋቢት 27 ቀን 1871 በሰሜን ጀርመን የወደብ ከተማ በሉቤክ ተወለደ። አባቱ የእህል ነጋዴና የከተማዋ ሴናተር ነበሩ፤ እናቱ ብራዚል ተወልደው በልጅነታቸው ወደ ጀርመን የመጡ ናቸው። አባት በ1891 ሲሞቱ ንግድ ቤቱ በኑዛዜያቸው መሠረት ተዘጋ። ከድርሻው የሚገኘው ገቢ ባለጸጋ ባያደርገውም ሥራ ሳይቀጠር ለመጻፍ አበቃው። በአራት ዓመት የሚያንሰው ወንድሙ ቶማስም ደራሲ ሆነ፤ ጉዳዩ ውስጥም ዋና ተዋናይ ሆኖ ይመጣል።

ብዙዎች ሳያነሱት የሚያልፉት አንድ ነገር አለ። ሃይንሪሽ ከ1895 እስከ 1896 «ዳስ ትስቫንትሲግስተ ያርሁንደርት» የተባለ ብሔርተኛና ጸረ አይሁድ መጽሔት አዘጋጅ ነበር፤ እሱም በዚያው መንፈስ ጽፏል። ስለዚህ ጉዞው «ፖለቲካ ከማያውቅ ቀልደኛ ወደ ፖለቲከኛ» ነው ብሎ መጀመር ስህተት ነው። መነሻው መጥፎ ፖለቲካ ነበር፤ ከዚያም ወደ ስላቅ ሸሸ።

በ1900 የወጣው «ኢም ሽላራፈንላንድ» የዚያ ሽሽት ውጤት ነው። አንድሪያስ ሱምዜ የሚባል የገጠር ወጣት ደራሲ ለመባል በርሊን ይገባል፤ ቱርክሃይመር ከተባሉ ባለ ባንክ ቤት ይጠጋል፤ የባለቤታቸው ውሽማ ይሆናል፤ ስም ያወጣል፤ ከዚያም ከገባበት በር ተገፍቶ ይወጣል። አክሲዮን የሚነግደው፣ ትያትር የሚጽፈው፣ ጋዜጣ የሚያዘጋጀው ሁሉ እኩል ስግብግብ ነው። መጽሐፉ ያስቃል። ሁሉም ጥፋተኛ ሲሆን ግን ተጠያቂ ይጠፋል። ፖሊስ፣ ፍርድ ቤት፣ ጦር ሠራዊት፣ ዘውድ የሚባል ነገር በታሪኩ ውስጥ ክብደት የለውም፤ ገንዘብ ብቻውን የሚሽከረከር ይመስላል። የባለ ባንኩ አሣሣልም ደራሲው ከመጽሔቱ ዘመን ይዞት የመጣውን ጸረ አይሁድ ጭፍን አመለካከት ሳያራግፍ ይጠቀማል። ሥርዓትን ያላየ ስላቅ ጥፋተኛ ሲያጣ ጣቱን የሚቀስረው በለመደው ወገን ላይ ነው።

ቀጣዩ እርምጃ በ1905 የታተመው «ፕሮፌሰር ኡንራት» ነው። የአንድ ወደብ ከተማ አዛውንት መምህር ተማሪዎቹን ሲያሳድድ ሮዛ ፍሮሊሽ ከምትባል የመጠጥ ቤት ዘፋኝ ጋር ይተዋወቃል፤ ከሥራው ይባረራል፤ ያገባታል። ብዙ ሰው ታሪኩን የሚያውቀው በ1930 «ሰማያዊው መልአክ» በሚል ከተሠራው ፊልም ነው። ፊልሙ ግን የመጽሐፉን ዋና ነገር ጥሎታል። በፊልሙ ሰውየው ተዋርዶ ወደ ድሮ ክፍሉ ተመልሶ ይሞታል። በመጽሐፉ ከተዋረደ በኋላ የሚያደርገው ሌላ ነው፤ ቤቱን የቁማርና የዝሙት መናኸሪያ አድርጎ ያንን የተከበረ ከተማ አንድ በአንድ ያበላሸዋል። ትናንት ሥርዓት አስከባሪ የነበረው ሰው ዛሬ ሥርዓት አፍራሽ ነው፤ የሚነዳው ጥላቻ ግን ያው ነው። ሃይንሪሽ እዚህ ላይ ጨቋኙና አማፂው በአንድ ሰው ቆዳ ውስጥ ሊኖሩ እንደሚችሉ አየ። የቀረው ያንን ሰው ከመማሪያ ክፍል አውጥቶ አገር መስጠት ነበር።

መሣሪያው የተቀየረበት

ከ1906 ጀምሮ በቄሳር ቪልሄልም 2ኛ ዘመን ስለሚኖር ጀርመናዊ ባለ ሀብት ለሚጽፈው ልብ ወለድ፣ ለ«ዴር ኡንተርታን»፣ ማስታወሻ መሰብሰብ ጀመረ። መጽሐፉ ያለቀው በ1914 ነው። ስምንት ዓመት መፍጀቱ በአጋጣሚ አልነበረም፤ መሐል ላይ ሁለት ሥራዎች ገብተው ዘዴውን አስተካከሉለት።

አንደኛው በ1909 የወጣው «ዲ ክላይነ ሽታት» ነው። የኦፔራ ቡድን ወደ አንዲት ትንሽ የጣሊያን ከተማ ይመጣል፤ ከተማው ይከፈላል፤ ይጣላል፤ ይታረቃል። መሪ ገጸ ባሕሪ የለም፤ ሕዝቡ ራሱ ነው ገጸ ባሕሪው። እዚህ ብዙ ሰውን በአንድ አደባባይ ማንቀሳቀስ ተማረ። ሁለተኛው በ1911 መጀመሪያ «ፓን» በተባለ መጽሔት ላይ የወጣው «ጋይስት ኡንድ ታት» የተሰኘ አጭር መጣጥፍ ነው። ክርክሩ ቀጥተኛ ነው፦ በፈረንሳይ ከሩሶ ጀምሮ ብዕር ሕዝብን አንቀሳቅሷል፤ የጀርመን ምሁር ግን ለገዢው መደብ ጌጥ ሆኖ ኖሯል፤ ለጌቶች የሚያሸረግድ ምሁር አእምሮን ከድቷል። ይህ ሁሉ ሲጻፍ ጦርነቱ ሊነሳ ከሦስት ዓመት በላይ ይቀር ነበር።

«ዴር ኡንተርታን» ከቅርብ ሲታይ

«ዴር ኡንተርታን» (ተገዢው) የአንድ የወረቀት ፋብሪካ ባለቤት ልጅ የዲደሪሽ ሄስሊንግ ታሪክ ነው። ኔትሲግ በምትባል ምናባዊ ከተማ ያድጋል፤ በርሊን ኬሚስትሪ ይማራል፤ ተመልሶ ፋብሪካውን ይረከባል፤ የከተማውን ሊበራሎች አንድ በአንድ አሸንፎ ለቄሳሩ አያት ሐውልት እስኪያስቆም ይዘልቃል።

ዘዴው በመጀመሪያዎቹ ገጾች በአንድ ዝርዝር ይታያል። በክፍል ኃላፊው መምህር የልደት ቀን ተማሪዎች ጠረጴዛውንና ሰሌዳውን በአበባ ጉንጉን ያስጌጣሉ። ዲደሪሽ ከሁሉም ያልፍና የመግረፊያውን ዘንግ ሳይቀር በአበባ ይጠቀልላል። በ1900ው መጽሐፍ ቢሆን ይህ የአንድ አድርባይ ቀልድ ሆኖ በቀረ ነበር። እዚህ ግን የመላው መጽሐፍ ቀመር ነው። ልጁ የሚመታውን ዘንግ የሚወደው ዘንጉ የኃይል አካል ስለሆነ ነው፤ ሲመታበት እሱም የዚያ ኃይል ተካፋይ የሆነ ይመስለዋል። ከዚያ ወዲህ የሚመጣው ሁሉ፣ የተማሪዎች የመጠጥ ማኅበሩ፣ የጦር አገልግሎቱ፣ ፋብሪካው፣ ትዳሩ፣ ያው ዘንግ በሌላ መልክ ነው። ወደ ላይ ይሰግዳል፤ ወደ ታች ይረግጣል። ወታደርነቱን ሲያወድስ ይውልና እግሬን አመመኝ ብሎ በዘመድ አዝማድ ከአገልግሎት ይወጣል።

ሁለተኛው ዘዴ ገጸ ባሕሪውን ከእውነተኛ ቀን ጋር ማሰር ነው። በየካቲት 1892 በርሊን ውስጥ ሥራ አጦች ረብሻ አስነስተው ነበር። ሃይንሪሽ ሄስሊንግን እዚያ መሐል ያቆመዋል። ቄሳሩ በፈረስ ሲያልፍ ወጣቱ በደስታ አብዶ ሲሮጥ ይከተለዋል፤ ባርኔጣውን እያውለበለበ ሳለ ተንሸራቶ ጭቃ ውኃ ውስጥ ይዘፈዘፋል፤ ቄሳሩም ጭኑን እየመታ ይስቃል። አምላኪና ተመላኪ ዓይን ለዓይን የሚገጣጠሙት በዚህች ቅጽበት ነው።

ሦስተኛው ዘዴ ይበልጥ አደገኛ ነበር። ቪልሄልም 2ኛ በአደባባይ የተናገራቸው ቃላት በሄስሊንግ አፍ ይገባሉ። በ1890 ሥራዬን የሚቃወመኝን አደቅቀዋለሁ ያለው፣ በ1892 ወደ ታላላቅ ቀናት እመራችኋለሁ ያለው፣ ሁሉም በፋብሪካ ሠራተኞች ፊት፣ በእራት ጠረጴዛ፣ በጫጉላ ቤት ሳይቀር ይደገማሉ። ንግግሮቹ ጋዜጣ ላይ ስለወጡ የዘመኑ አንባቢ ያውቃቸዋል። በሠፈር ባለ ፋብሪካ አፍ ሲሰማቸው ያስቁታል፤ ሳቁ ግን ቄሳሩ ዘንድ ይደርሳል። ደራሲው አንድም የስድብ ቃል ከራሱ አልጨመረም።

ነገሩ ከመምሰል አልፎ እስከ መፍጠር ይሄዳል። በኔትሲግ ዘብ የቆመ ወታደር ሠራተኛ ተኩሶ ይገድላል። ሄስሊንግ በሞቅታ ተነሥቶ ቄሳሩ ወታደሩን አመሰገነ የሚል የሐሰት ቴሌግራም ያቀናብርና ለጋዜጠኛ ይሰጣል። ዜናው ይወጣል፤ ከበርሊን ማስተባበያ አይመጣም። ቄሳሩ የሚለውን ተገዢው አስቀድሞ ያውቀዋል ማለት ነው። በእኔ ግምት ከመጽሐፉ ሁሉ እጅግ ስለታሙ ፖለቲካዊ ሐሳብ ይህ ነው፤ ያለ አንዲት የንድፈ ሐሳብ ቃል በድርጊት ብቻ ተነግሯል።

ገንዘቡም አልተረሳም። ሄስሊንግ በፋብሪካው «የዓለም ኃያልነት» የሚል ስም የሰጠውን የመጸዳጃ ወረቀት አርበኛ መፈክር እያተመበት ይሸጣል። ከሶሻል ዴሞክራቱ የማሽን ሠራተኛ ከናፖሊዮን ፊሸር ጋርም በሥውር ይዋዋላል፦ ሠራተኛው የፓርላማ ወንበር ያገኛል፤ ለሕፃናት ማሳደጊያ ሊውል የሚችለው ገንዘብ ለሐውልቱ ይሄዳል። ስላቁ ግራውንም አልማረም።

መጽሐፉ የሚላላበት ቦታ አለ፤ የሚላላውም የደራሲው ቀጣይ መንገድ በሚታይበት ላይ ነው። ላወር የተባለ ሌላ ባለ ፋብሪካ ንጉሥን በመድፈር ይከሰሳል፤ ያናገረውም የመሰከረበትም ሄስሊንግ ነው። ጠበቃው ቮልፍጋንግ ቡክ በመከላከያ ንግግሩ የዘመኑን ተገዢ ምንነት ይተነትናል፤ ቄሳሩን እንደ ተዋናይ አድርጎ የሚኮርጅ ሰው ነው ይላል። ትንተናው ትክክል ነው፤ ነገር ግን አንባቢ በዘንጉና በቴሌግራሙ ያየውን መልሶ በቃል ያብራራል። ልብ ወለዱ ለጥቂት ገጾች ቆሞ መጣጥፍ ይናገራል።

ሕጉና የኅትመቱ ውጣ ውረድ

አደጋው የምር ነበር። የጀርመን የወንጀል ሕግ አንቀጽ 95 ንጉሠ ነገሥቱን የሰደበ ከሁለት ወር እስከ አምስት ዓመት እንዲታሰር ይደነግግ ነበር። በ1898 «ሲምፕሊሲሲሙስ» የተባለው የስላቅ መጽሔት በቄሳሩ የፍልስጤም ጉዞ ላይ ስላፌዘ ገጣሚው ፍራንክ ቬዴኪንድና ሠዓሊው ቶማስ ቴዎዶር ሃይነ ታሰሩ፤ አሳታሚው አልበርት ላንገን ወደ ውጭ ሸሸ። ላንገን የሃይንሪሽ የራሱ ቀደምት ልብ ወለዶች አሳታሚ ስለነበር ጉዳዩ ለእሱ ሩቅ ወሬ አልነበረም። ሕጉ በ1908 ቢላላም አልተሻረም።

«ዴር ኡንተርታን» ከጥር 1 ቀን 1914 ጀምሮ የሙኒኩ «ሳይት ኢም ቢልድ» ሳምንታዊ መጽሔት ላይ በተከታታይ መውጣት ጀመረ። በተከታታይ ማሳተም ለእንዲህ ያለ ሥራ ሁለት ስለት አለው፤ ብዙ አንባቢ ያመጣል፤ ግን አንባቢው መጨረሻውን ሳያይ መጽሔቱ ሊያቆመው ይችላል። የሆነውም ይኸው ነው። ነሐሴ መጀመሪያ ላይ ጀርመን ጦርነት አወጀች፤ ነሐሴ 13 ቀን ኅትመቱ ተቋረጠ። አዘጋጆቹ የሰጡት ምክንያት በዚህ ሰዓት ትልቅ መጽሔት የጀርመንን ሁኔታ በስላቅ መተቸት አይችልም የሚል ነበር። የመንግሥት ሳንሱር እስኪመጣ አልጠበቁም። ሄስሊንግም ቢሆን ትእዛዝ አይጠብቅም ነበር።

በ1915 መጽሐፉ በሩሲያኛ ትርጉም ወጣ፤ ማለትም ሙሉው ሥራ በመጽሐፍ መልክ አስቀድሞ የታየው በጠላት አገር ነው። በ1916 አሳታሚው ኩርት ቮልፍ ለቅርብ ሰዎች የሚታደሉ አሥር ያህል ቅጂዎች በግል አተመ። ለሕዝብ የወጣው በ1918 መጨረሻ፣ ቄሳሩ ኅዳር 9 ከዙፋን ከተወገደ በኋላ ነው። በጥቂት ሳምንታት ወደ 100,000 ቅጂ ተሸጠ፤ ጀርመናዊው ጸሐፊ ኩርት ቱኾልስኪም የጀርመናዊ ወንድ ናሙና ተለጥፎ የተቀመጠበት መዝገብ ሲል አወደሰው።

ሽያጩ ግን አንድ ነገር ይሸፍናል። ማስጠንቀቂያ ሆኖ የተጻፈው መጽሐፍ የተፈጸመ ትንቢት ሆኖ ተነበበ። የሚያፌዝበት ቄሳር ሆላንድ ገብቷል፤ በሄስሊንግ መሳቅ ከእንግዲህ ድፍረት አይጠይቅም። ብዙ አንባቢ «ይህ ያለፈው ዘመን ነው» ብሎ እንዲያነበው በሩ ተከፈተ። ለሃይንሪሽ ግን ሄስሊንጎች የትም አልሄዱም ነበር።

ሰምና ወርቁ

በ1914ቱ መቋረጥ የስላቁ በር ሲዘጋበት ሌላ በር ፈለገ። በኅዳር 1915 ሬኔ ሺከሌ በሚያዘጋጀው «ዲ ቫይሰን ብሌተር» መጽሔት ላይ «ዞላ» የሚል ረጅም መጣጥፍ አወጣ። ሰሙ ፈረንሳዊው ደራሲ ኤሚል ዞላ ነው፤ ወርቁ ጀርመን ናት። ናፖሊዮን 3ኛ ሲባል ቪልሄልም ይሰማል፤ በ1870 ሴዳን ላይ የወደቀው የፈረንሳይ መንግሥት ሲነሳ ገና ያልወደቀው የጀርመን መንግሥት ይታሰባል፤ በፍትሕና በእውነት ላይ ሳይሆን በጉልበት ላይ ብቻ የቆመ መንግሥት ይወድቃል ሲል አንባቢው የትኛው መንግሥት እንደሆነ አይጠፋውም። ሳንሱሩም የሞተ የፈረንሳይ ንጉሠ ነገሥት ስለተነካ ሊከለክል አይመቸውም።

የዞላ ምርጫ ደግሞ የራሱን መንገድ ያሳያል። ዞላ በሃያ ቅጽ ልብ ወለድ የሁለተኛውን የናፖሊዮን መንግሥት ማኅበረሰብ ከፈታ በኋላ በጥር 1898 ካፒቴን ድሬይፉስ በሐሰት መፈረዱን ተቃውሞ «እከሳለሁ» ብሎ ጋዜጣ ላይ ወጣ፤ ተፈረደበትም፤ ተሰደደም። ሃይንሪሽ ከልብ ወለድ ወደ ክስ መሄድ የደራሲነት ፍጻሜ ነው ለማለት ከዞላ የተሻለ ምስክር አያገኝም ነበር።

መጣጥፉ ሌላ ወርቅም ነበረው፤ እሱ ግን ሰም አልበቃውም። በመጀመሪያው ገጽ ላይ ገና በሃያዎቹ መጀመሪያ ዓለም እንደሚወደው ሆነው የሚቀርቡት ቀድመው ሊደርቁ የተፈረደባቸው ናቸው የሚል ዐረፍተ ነገር አለ። ቶማስ ማን «ቡደንብሮክስ»ን ያወጣው በ26 ዓመቱ ነበር፤ በ1914 መጨረሻም ጦርነቱን ደግፎ ጽፏል። ዐረፍተ ነገሩ ለማን እንደሆነ አልጠፋውም። መልሱ በ1918 የወጣው ከ600 ገጽ የሚበልጥ «ፖለቲካ የማይነካው ሰው ትዝብቶች» ነው፤ በዚያ ሃይንሪሽን በስሙ ሳይጠራ «የሥልጣኔ ጸሐፊ» እያለ ይሞግተዋል። ሃይንሪሽ በ1917 መጨረሻ የዕርቅ ደብዳቤ ላከ፤ ታናሹ እምቢ አለ። የታረቁት በጥር 1922 ሃይንሪሽ በጽኑ ሲታመም ነው፤ በዚያው ዓመት ጥቅምት ቶማስ ለሪፐብሊኩ በይፋ ቆመ። የማይመቸው እውነት ግን መጣጥፉ በግል ቂም መጎዳቱ ነው። የፖለቲካ ጽሑፍ ተቃዋሚን ለማሳመን ከሆነ፣ የመጀመሪያው ገጽ ላይ ቤተሰብ መውጋት ክርክሩን ለወሬ አሳልፎ ይሰጣል።

ምን ጠፋ

በ1919 «ማኽት ኡንድ ሜንሽ» የተባለውን የመጣጥፎች ስብስብ ለጀርመን ሪፐብሊክ መታሰቢያ አድርጎ አወጣ። በ1923 የዋጋ ግሽበት አገሪቱን ሲያፈርስ ለመሪው ለሽትሬዘማን በአደባባይ ጻፈ። መጣጥፉ ሲጠነክር ልብ ወለዱ ሳሳ። የ«ዴር ኡንተርታን» ተከታይ የሆነው «ዲ አርመን» (1917) ባልሪሽ የሚባል የሄስሊንግ ፋብሪካ ሠራተኛ የተቀማ ርስቱን ለማስመለስ ሕግ ሲማር ያሳያል። ሄስሊንግ ራሱ እዚያ አለ፤ ነገር ግን ዘንጉን በአበባ የሚጠቀልል ልጅ ጠፍቶ የካፒታል ስም ብቻ ቀርቷል። የተከታታዩ ሦስተኛ መጽሐፍ «ዴር ኮፕፍ» (1925) ደግሞ በሐሳብ ክብደት ይንገዳገዳል። የስላቁ ኃይል የነበረው ደራሲው ሄስሊንግን ከውስጥ በማወቁ ነው፤ ፍርሃቱን፣ ለስላሳነቱን፣ የበታችነቱን። ባልሪሽን የሚያውቀው በአቋም ነው።

ከ1933 በኋላ

ከዚህ ወዲያ ታሪኩ በፍጥነት ይሮጣል። በ1931 የፕሩሲያ የጥበባት አካዳሚ የሥነ ጽሑፍ ክፍል ሊቀ መንበር ሆነ። ሶሻል ዴሞክራቶችና ኮሚኒስቶች በናዚ ላይ እንዲተባበሩ የሚጠይቅ ጥሪ ከሠዓሊዋ ኬተ ኮልቪትስ ጋር በመፈረሙ የካቲት 15 ቀን 1933 ሁለቱም ተገፍተው ወጡ። የካቲት 21 ኬል ላይ ድንበር ተሻግሮ ስትራስቡርግ ገባ። ግንቦት 10 መጻሕፍቱ ተቃጠሉ፤ ነሐሴ ላይ በወጣው የመጀመሪያው የዜግነት መግፈፊያ ዝርዝር ስሙ ተካተተ።

በስደት ለፈረንሳይ ጋዜጣ «ላ ዴፔሽ» በፈረንሳይኛ ጻፈ፤ የስደተኞቹን የሕዝባዊ ግንባር ኮሚቴ መራ። በ1935 እና በ1938 አምስተርዳም የታተሙት ሁለቱ የ«ሃንሪ 4ኛ» ቅጾች የመጨረሻው ትልቅ ሥራው ናቸው። እንደገና የዞላን ዘዴ ተጠቀመ፦ የ16ኛው ክፍለ ዘመን አክራሪ ሰባኪዎችና የጊዝ መስፍን የዘመኑን አምባገነኖች ያስታውሳሉ፤ በ1598 ለፕሮቴስታንቶች የእምነት ነፃነት የሰጠው ንጉሥ ግን የሚወደድ ሰው ነው። ልብ ወለዱ ሕይወት ያገኘው ደራሲው እንደገና አንድን ሰው ከውስጥ ስላየ ነው።

ያ ፍቅር ዋጋ አስከፍሏል ብዬ አምናለሁ። ቅን ኃያል መሪ የሚፈልግ ሰው ሆነና ስታሊንን በዚያ ዓይን አየው። ከ1936 ጀምሮ የተካሄዱትን የሞስኮ የይስሙላ ችሎቶች አልተቃወመም፤ በ1946 ትዝታው ውስጥም ተሟገተላቸው። የሐሰት ምስክርነትን በላወር ችሎት ያን ያህል የፈታ ብዕር፣ ተከሳሾች ራሳቸውን ሲወነጅሉ ጥያቄ አላነሳም። ፋሺዝምን የሚመታ ሌላ ኃይል አልታየውም ነበር ቢባልም፣ በ1911 ለጌታ የሚያሸረግደውን ምሁር ከሃዲ ያለው እሱ ራሱ ነው።

በ1940 በእግሩ የፒሬኔ ተራሮችን አቋርጦ በሊዝበን በኩል አሜሪካ ገባ። ምሥራቅ በርሊን የአካዳሚ ፕሬዚዳንት አድርጋ ብትመርጠውም ሳይሄድ መጋቢት 1950 ሳንታ ሞኒካ ውስጥ ሞተ። በ1951 የምሥራቅ ጀርመኑ የፊልም ድርጅት ዴፋ በቮልፍጋንግ ሽታውተ ዳይሬክተርነት «ዴር ኡንተርታን»ን ሠራ። ምዕራብ ጀርመን ፊልሙን እስከ 1957 አገደችው፤ ከዚያም ተቆርጦ ነው ያሳየችው።